ዳኛ የሚያየው ካሳውን ብቻ ነው ወይስ ማስለቀቁንም?

አወያይ፦ የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40(8) መንግሥት ለሕዝብ ጥቅም የግል ንብረት መውሰድ የሚችለው ተመጣጣኝ ካሳ በቅድሚያ ከፍሎ እንደሆነ ይደነግጋል። «ለሕዝብ ጥቅም ነው» የሚለውን ማን ይወስን? አስተዳደሩ ወይስ ዳኛ?

ኢንጂነሩ፦ አስተዳደሩ። አንድ ሰው የፍርድ ቤት እግድ ይዞ ከቆመ መንገዱም የውኃውም የፍሳሹም መስመር ይቆማል፤ ኮንትራክተሩ ሥራ ለፈታበት ቀን ክፍያ ይጠይቃል፤ ከፋዩ ያው ሕዝብ ነው። ካሳው ካነሰ ዳኛ ያስጨምር። መንገዱ በየት ይለፍ የሚለው ግን የፕላን ጉዳይ ነው።

የካዛንቺስ ልጅ፦ መንገድ ብቻ ቢሆን ማን ይከራከርሃል? የአክስቴ ግቢ ለልማት ተብሎ ተነሣ፤ ቦታው ዛሬም በቆርቆሮ ታጥሮ ባዶውን አለ። ገማቾቹ የቆጠሩት ጣሪያውን፣ በሩንና የሲሚንቶ ወለሉን ነው። ቤቱ አስፋልት ዳር መሆኑ አንድ ብር አልጨመረላትም፤ መሬቱ የመንግሥት ነዋ!

ከሱሉልታ፦ ገበሬውንም አትርሱት። በ1997 አዋጅ ካሳው ያለፉት አምስት ዓመታት አማካይ ዓመታዊ ገቢ 10 እጥፍ ነበር፤ በ2011 አዋጅ ካለፉት ሦስት ዓመታት ከፍተኛው ዓመታዊ ገቢ ተወስዶ 15 እጥፍ ሆነ። እሰየው። አባቴ ግን ሲያመርት የኖረውን ጤፍ ዛሬ ከወፍጮ ቤት በኪሎ ይገዛል።

ጠበቃው፦ በአዋጅ ቁጥር 455/1997 ፍርድ ቤት የሚያደርሰው የካሳው መጠን ነበር፤ ያውም ቦታውን ማስረከብህን የሚያሳይ ማስረጃ ካላያያዝክ ይግባኝህ አይታይም። አዋጅ 1161/2011 በማስለቀቂያ ትእዛዙም ላይ ቅሬታ ፈቅዷል። በ2011 እንደወጣው ከሆነ ትእዛዙ በደረሰህ በ30 ቀን ውስጥ ለቅሬታ ሰሚው አካል ታቀርባለህ፣ ከዚያ ይግባኝ ሰሚ ጉባኤ፣ ፍርድ ቤት መጨረሻ ላይ ነው። ሁለቱን ሰሚዎች የሚያቋቁመው ደግሞ ያው የሚያስነሣህ አስተዳደር ነው። እኔን የሚያስቆጣኝ ይኼ ነው።

ኢንጂነሩ፦ አዋጁ እኮ በ2011 ሲወጣ ተነሺዎችን ቢያንስ ከአንድ ዓመት በፊት አማክሩ ብሏል። አቅም ያለው ባለይዞታ ራሱ እንዲያለማም ቅድሚያ ሰጥቷል። እሱ ይከበር፤ እግድ ምን ያደርጋል?

የካዛንቺስ ልጅ፦ ካልተከበረስ? አክስቴን ማንም አላማከራትም። ለማን አቤት ትበል?

ጠበቃው፦ ለዳኛ፤ ቤቱ ሳይፈርስ። ከፈረሰ በኋላ ብትረታም የሚፈረድላት ገንዘብ ብቻ ነው፤ ዕድሯንና ጎረቤቷን የሚመልስላት ችሎት የለም። ኢንጂነር፣ መዘግየቱ ካሰጋህ ለዳኛውም አጭር ቀነ ገደብ ይቆረጥለት፣ በዚያ ውስጥ ይወስን። እስከዚያ ግን ዶዘር ግቢዋ አይግባ።