ቤቴ ሽጉጥ ላስገባ ወይስ ይቅርብኝ?

የሌሊት ፈረቃ፦
ሰላም ወገን። አሜሪካ፣ ሜሪላንድ ግዛት፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ነው የምኖረው፤ ማታ ማታ ነዳጅ ማደያ እሠራለሁ። ባለፈው ወር ሁለት ልጆች መሳሪያ ደቅነው ካዝናውን አስከፈቱኝ። አልነኩኝም፤ ሲጋራም አስጨምረው ነው የወጡት። ከዚያ ወዲህ ግን ቤት ገብቼም በር ሲንኳኳ ልቤ ይዘላል። ሽጉጥ ልገዛ አስቤያለሁ፣ ለቤት ብቻ። ባለቤቴ «እሱ ከገባ እኔ እወጣለሁ» ብላለች።

የሚገርመው ያደግሁት ጠመንጃ ያለበት ቤት ነው። ጎጃም፣ የአባቴ ምንሽር ምሰሶው ላይ ተሰቅሎ ነበር የሚውለው። ቅዳሜ ማታ ዝናሩን አውርዶ ጥይቱን አንድ በአንድ ይቆጥራል፤ እኛ ኩራዝ እናበራለታለን። ስድስት ልጆች ነበርን፣ አንዳችንም ሳይፈቀድልን ነክተነው አናውቅም። እዚህ ባለሁለት መኝታ አፓርታማ ውስጥ፣ የ8 ዓመት ልጅ ይዤ፣ የት ልሰቅለው ነው? ያየ ሰው ይንገረኝ።

ባለታክሲው፦
ወንድሜ፣ እንኳን ተረፍክ። ሜሪላንድ ሽጉጥ እንደ ዳቦ አይገዛም። 21 ዓመት መሙላት አለብህ። መጀመሪያ የመግዣ ፈቃድ ታወጣለህ፤ ለእሱ አሻራ ትሰጣለህ፣ ቢያንስ 4 ሰዓት ትማራለህ። ከዚያ ስትገዛ ደግሞ 7 ቀን ትጠብቃለህ። ይዞ መንቀሳቀሻው ሌላ ፈቃድ ነው፣ ትምህርቱም 16 ሰዓት። ግሪን ካርድ ካለህ ችግር የለውም። አንድ ነገር ልንገርህ፣ ቅጹ ሕገወጥ ዕፅ ትጠቀማለህ ወይ ብሎ ይጠይቃል። ጫት እዚህ አገር ከዚያው ተርታ ነው። እሑድ እሑድ የምትሰበሰቡ እንዳትስቁ!

ቆራጡ፦
አሻራ፣ ኮርስ፣ ሰባት ቀን... ያ ካዝና ያስከፈተህ ልጅ የትኛውን ኮርስ ወሰደ? ሕጉ የሚያንገላታው ሰላማዊውን ነው። ግዛ።

የቨርጂኒያዋ እናት፦
ቆራጡ፣ አንተ ልጅ የለህም መሰለኝ። የእኔ ባል ከሦስት ዓመት በፊት ገዛ። ባለቁጥር ቁልፍ የብረት ሳጥን፣ ቁም ሳጥን ላይ፣ ከብርድ ልብስ ጀርባ። ልጃችን 9 ዓመቱ ነበር። የገና ስጦታ ደብቀውብኛል ብሎ ወንበር ላይ ወጥቶ ሳጥኑን ከፈተው። ቁጥሩ የራሱ የልደት ቀን ነበራ! እኔ ወጥ እያማሰልኩ «ማሚ፣ ይሄ የማነው?» ሲለኝ ዘወር አልኩ። ያን ቀን ጥይት አልነበረበትም። ማማሰያው ከእጄ መውደቁን ያወቅሁት እግሬን ሲያቃጥለኝ ነው። በነጋታው ሽጉጡ ከቤት ወጣ።

ባለታክሲው፦
እህቴ እውነቷን ነው። ሜሪላንድም ቢሆን ከ18 ዓመት በታች ያለ ልጅ ሊያገኘው በሚችልበት ቦታ ጥይት የጎረሰ መሳሪያ ካስቀመጥክ ተጠያቂው አንተ ነህ።

የሌሊት ፈረቃ፦
ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። ለጊዜው ተውኩት። አለቃዬን ጥይት የማይበሳው መስታወት አስገባልኝ ብዬዋለሁ፣ «እናያለን» ብሏል። እምቢ ካለ የቀን ሥራ እፈልጋለሁ።

በነገራችን ላይ የእኔም ስልክ የሚከፈተው በልጄ ልደት ነበር። አሁን ቀየርኩት።