ጀማ ላይ ካያክ፣ መግቢያው የት ይሁን?

የለሚ ልጅ፦ ሰላም ቤተሰብ፣ ጀማ ወንዝ ላይ ካያክ (በመቅዘፊያ የሚነዳ ትንሽ ጀልባ) ለማስጀመር እያሰብን ነው፣ ከለሚ ወደ ዓለም ከተማ ሲወረድ ድልድዩ ጋ መኪና ስለሚደርስ እዛ ወደ ውሃው መግቢያ ብንሰራስ?

መርሐቤቴ፦ ደስ ሲል! ግን ከመግቢያው በፊት መውጫውን አስቡ፣ ጀማ እኮ ወደ ዓባይ ነው የሚሄደው፣ ሸለቆው ውስጥ ከገባችሁ በኋላ ጀልባ ተሸክሞ ያን ዳገት መውጣት ነው፣ የተጎዳ ሰውስ በየት ይወጣል? ሐምሌና ነሐሴማ በፍጹም። እናንተ ጋ ፀሐይ ሆኖ ደብረ ብርሃን ከዘነበ በበሬሳ ወንዝ በኩል ደራሽ ጎርፍ ይመጣል።

ቆለኛው፦ ዳሩ ላይ ሲሚንቶ አታፍስሱ ክረምት ይወስደዋል። ፓርኪንግና ሽንት ቤቱ ከፍ ያለ ቦታ ይሁን፣ ከብት የሚጠጣበትን መልካ ደግሞ አትንኩ፣ ገበሬውን ቀድማችሁ አማክሩ።

የለሚ ልጅ፦ መውጫውን አላሰብነውም ነበር፣ ኅዳር ላይ ዳር ዳሩን በእግር ሄደን እናየዋለን።