ለአነስተኛ ነጋዴ የሚቀድመው ደብተሩ ነው ወይስ ብድሩ?

አወያይ፦ የብር ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን ከተደረገበት ከሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. ወዲህ አቅማቸው የተዳከመ አነስተኛ ነጋዴዎች መጀመሪያ ወደ ሥራ አመራር ሀ ሁ ይመለሱ ወይስ ብድር ይመቻችላቸው? መከራከሪያችን ይህ ነው።

የሒሳብ ባለሙያው፦ ሀ ሁ ይቅደም እላለሁ። በዚያ ሰሞን የአንድ ሕንፃ መሣሪያ መደብር ሒሳብ እሠራ ነበር። ባለቤቱ በአሮጌው ዋጋ የገዛውን ቧንቧ 20 በመቶ አትርፎ በመሸጡ ደስ ብሎት ከረመ፤ በወሩ ዕቃውን ሊተካ መርካቶ ሲወርድ ግን በአሥሩ ቧንቧ ሽያጭ ሰባት ብቻ ገዝቶ ተመለሰ። የመሸጫ ዋጋ ዕቃው በተገዛበት ሳይሆን በሚተካበት ዋጋ እንደሚሰላ ቢያውቅ ኖሮ ካፒታሉን ትርፍ መስሎት ባልበላው ነበር።

የሸቀጥ ነጋዴዋ፦ ይቅርታ ያድርጉልኝና፣ ምሳሌዎ የሚደግፈው እኔን ነው። ሰውየው ደብተር አላጣም፤ እርስዎ ይዘውለት ነበር። ዋጋ ልጨምር ቢል ደግሞ፣ ያላግባብ ጨመራችሁ ተብለው ሱቃቸው የታሸገባቸውን ሁላችንም አይተናል። ባንክ ሲሄድ የሚጠየቀው የቤት ካርታ ነው፤ በኪራይ ሱቅ የሚሠራ ሰው ካርታ ከየት ያመጣል?

የቀድሞው የፋብሪካ ኃላፊ፦ ሥልጠናማ አልጎደለንም። ካይዘን የተባለውን የጃፓኖች የማያቋርጥ መሻሻል የአሠራር ዘዴ የሚያስተምረው የካይዘን ኢንስቲትዩት ከተቋቋመ ከ2004 ዓ.ም. ወዲህ ብዙ ሰው ሠልጥኗል። እኔ በነበርኩበት ፋብሪካ አምስቱ «ማ»ዎች (ማጣራት፣ ማስቀመጥ፣ ማጽዳት፣ ማላመድ፣ ማዝለቅ የሚሉት የካይዘን የሥራ ቦታ አያያዝ መመሪያዎች) በግድግዳው ላይ ተለጥፈው ሳለ፣ በዕቃ ግምጃ ቤቱ ቢን ካርዱ (የዕቃው ገቢና ወጪ የሚመዘገብበት ካርድ) ዜሮ ስላለ ብቻ አራት ኩሽኔታ አስገዝተን፣ በቆጠራ ጊዜ ስድስት ኩሽኔታ በአንድ አሮጌ ካርቶን ውስጥ አገኘን። ሀ ሁ የምንለው እንግዲህ ወርዶ መቁጠርን ነው።

የሒሳብ ባለሙያው፦ የዋጋውን ነገር እቀበላለሁ፤ ችኩል ምሳሌ ነበር። ነገር ግን በ2008 ዓ.ም. የወጣው የገቢ ግብር አዋጅ ዓመታዊ ሽያጩ ከ500,000 ብር በታች የሆነውን ደረጃ «ሐ» ነጋዴ የሒሳብ መዝገብ እንዲይዝ አላስገደደም። ሐሳቡ ለማቅለል ነበር፤ ያስከተለው ግን ደብተር የሚያዘው ለግብር ሰብሳቢው እንጂ ለራስ አይደለም የሚል አስተሳሰብን ነው። ለመሆኑ እርስዎ ያለብዎትን ዱቤ ሳይሆን የሰጡትን ዱቤ ጠቅላላ ድምር ያውቁታል?

የሸቀጥ ነጋዴዋ፦ እንዲያውም ትናንት ማታ ደመርኩት። 20,000 ብር ገደማ ይሆናል ብዬ ነበር፤ 61,400 ሆኖ አገኘሁት፣ ከዚያ ውስጥ ከግማሽ በላይ የሚሆነው ደግሞ የቤተ ዘመድ ነው። ብድር ያስፈልጋል ማለቴን አልተውኩም። ሆኖም ከባንክ ልጠይቅ ያሰብኩት 60,000 ብር ነበር።