የመሬት ሽያጭ ውል ሲፈርስ ኪሳራው በማን ላይ ይውደቅ?

የክርክሩ ጥያቄ፦ በኮምቦልቻ ዳርቻ የእርሻ መሬት በመንደር ውል ገዝቶ ቤት የሠራን ሰው፣ ሻጩ ራሱ ከዓመታት በኋላ «ሽያጩ ሕገ ወጥ ስለሆነ መሬቴ ይመለስልኝ» ብሎ ሲከሰው፣ ፍርድ ቤት ውሉን ሊያስፈጽም ይገባል ወይስ ሊያፈርስ?

ነጋዴ፣ ከኮምቦልቻ፦ ሊያስፈጽም ይገባል። ሻጩ ለአካለ መጠን የደረሰ ሰው ነው፤ በሽማግሌዎች ፊት ፈርሟል፤ ገንዘቡንም ቆጥሮ ተቀብሏል። የኢንዱስትሪ ፓርኩ በ2009 ዓ.ም. ከተመረቀ ወዲህ የቦታ ዋጋ ሲንር አይቶ ሕገ መንግሥት የሚጠቅስ ሻጭ፣ ሲሸጥ ሕጉን አያውቀውም ነበር ለማለት ይከብደኛል።

የሕግ ባለሙያ፣ ከደሴ፦ ወንድሜ፣ ቅሬታዎ ይገባኛል፤ ነገር ግን እንዲፈጸም የሚጠይቁት ውል ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 40 ንዑስ አንቀጽ 3 መሬት አይሸጥም፣ አይለወጥም ብሎ የከለከለውን ነው። የፍትሐ ብሔር ሕጉም በቁጥር 1808 ንዑስ ቁጥር 2፣ ጉዳዩ ሕገ ወጥ የሆነ ውል እንዲፈርስ ከተዋዋዮቹ ማንኛውም ሊጠይቅ እንደሚችል ስለሚናገር፣ የሻጩ ድርጊት ነውር ቢሆንም ከመክሰስ አያግደውም። እነዚህን የመንደር ውሎች ሳነብ የሚገርመኝ መዝጊያቸው ነው፦ «ይህ ውል በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1731 እና 2005 መሠረት በሕግ ፊት የጸና ነው» ይልና፣ ውሉን ያፈረሰ የሚከፍለው ገደብ ይከተላል። ቁጥር 1731 ግን የሚያጸናው በሕግ አግባብ የተቋቋመ ውልን ብቻ ነው፤ ዋናው ውል ሲወድቅ ገደቡም አብሮት ይወድቃል።

መምህርት፣ ከደሴ ሆጤ፦ ይህ ሁሉ ለገጠሩ ብቻ የሚሠራው ለምንድን ነው? እዚሁ ፒያሳ አካባቢ ግድግዳው የዘመመ የጭቃ ቤት ካርታ ስላለው ብቻ በከፍተኛ ዋጋ ይሸጣል፤ ውሉም ሰነዶች ማረጋገጫ ዘንድ ይመዘገባል፤ ክርክር ቢነሳ ፍርድ ቤት ያስፈጽመዋል። ሕገ መንግሥቱ በንዑስ አንቀጽ 7 የፈቀደው በመሬቱ ላይ የተሠራን ንብረት መሸጥ ነው፤ ገዢው የሚከፍለው ግን ለጭቃው እንዳልሆነ ሁላችንም እናውቃለን።

የገበሬ ልጅ፣ ከቃሉ፦ እህቴ፣ ልዩነቱ እኛ ዘንድ ያለው ነው። ቤተሰብ በሕመም ወይም በዕዳ በተጨነቀበት ሰሞን ደላላ ይመጣል፤ አባት ይፈርማል። በይዞታ ደብተሩ ላይ ግን የእናትም ስም አለ፤ እርሷ ሳትጠየቅ የልጆቿ መተዳደሪያ አለፈ ማለት ነው። ፍርድ ቤት እንዲህ ያለውን ውል ማስፈጸም ከጀመረ፣ ቀጣዩ ችግር የሚመጣ ቀን ገበሬው የሚሸጠው እንጂ የሚያርሰው አይኖረውም። ገንዘብ የቸገረው ሰው ይዞታውን ማከራየት በሕግ ተፈቅዶለታል።

ነጋዴ፣ ከኮምቦልቻ፦ ስለ እናትዎ የተናገሩትን እቀበላለሁ፤ ሚስት ያልፈረመችበት ውል ይፍረስ። ነገር ግን ሁለቱም ፈርመው፣ ከዓመታት በፊት የተቀበሉትን ብር ዛሬ ያንኑ ቁጥር መልሰው፣ የታጠረና ቤት የተሠራበት ቦታ ሲረከቡስ? በዚያን ጊዜ መሬት የሚገዛ ገንዘብ አሁን የቆርቆሮ ዋጋ አይሸፍንም።

የሕግ ባለሙያ፣ ከደሴ፦ እውነተኛው ክርክር እዚህ ላይ ነው። ውል ሲፈርስ ተዋዋዮቹ በተቻለ መጠን ከውሉ በፊት ወደነበሩበት ሁኔታ ይመለሱ የሚለው ቁጥር 1815 ብቻውን አይነበብም፤ ቁጥር 1817 መመለሱ የማይቻል ወይም ከባድ ችግር የሚያስከትል በሆነ ጊዜ በካሳ ወይም በሌላ ተገቢ መንገድ እንዲስተካከል ይፈቅዳል። በእኔ አስተያየት ዳኛው ቤቱን በባለሙያ አስገምቶ፣ ሻጩ የቤቱን ግምትና የሽያጩን ገንዘብ ከነወለዱ ሳይከፍል መሬቱን እንዳይረከብ ቢወስን፣ መሬት ሳይሸጥ የሻጩም ብልጣብልጥነት ትርፍ ሳያገኝ ይቀራል።

የገበሬ ልጅ፣ ከቃሉ፦ ግምቱ ከገበሬው አቅም በላይ ሲሆንስ? መክፈል ካልቻለ ገዢው እዚያው ይቀመጣል፤ ያ ደግሞ ሽያጩን በሌላ ስም ማስፈጸም ነው።

የሕግ ባለሙያ፣ ከደሴ፦ ለዚህ በቂ መልስ የለኝም። ቢያንስ ገዢው ክሱ ከደረሰው በኋላ የጨመረው ግንባታ ከግምቱ መውጣት አለበት፤ መጥሪያ ይዞ ፎቅ የሚጀምር ሰው በቅን ልቦና ሠራሁ ሊል አይችልም።