አያቴን ኮሪያ ያደረሰችው መርከብ የትኛዋ ናት?

የኮሪያ ሰፈር ልጅ፦

ሰላም ለዚህ ቤት። አያቴ ከኢትዮጵያ ወደ ኮሪያ ጦርነት የተላከው የመጀመሪያው ቃኘው ሻለቃ ዘማች ነበሩ። ነፍሳቸውን ይማርና ስለ ውጊያው ብዙም አያወሩም። ስለ መርከቧ ከጀመሩ ግን ማቆሚያ የላቸውም ነበር። "ከጅቡቲ ተሳፈርን። ሆዷ ውስጥ እንደ ጆንያ ደረደሩን። ሆሳዕናም ፋሲካም እዚያው ባህር ላይ አለፈብን" ይሉ ነበር።

አጎቴ ግን በፍጹም አይስማማም። "የዘመቱት ከፋሲካ በኋላ ነው፣ መርከቧም የእንግሊዝ ጦር መርከብ ናት፣ አባባ በእርጅና አምታቶት ነው" ይላል። ዘመድ በተሰበሰበ ቁጥር ይሄ ክርክር ይነሳል። እኔ የአሜሪካ ጦር መርከቦችን ዝርዝር ኢንተርኔት ላይ ባስስ ምንም አጣሁ። ማን ነበር ስሟ? ከዚያ በፊትስ ምን ስትሠራ ነበር?

ሚኪ ፒያሳ፦

ከምጽዋ አይደል እንዴ የሄዱት? የራሳችን ወደብ እያለ ጅቡቲ ምን ወሰዳቸው?

ጡረተኛው ባህረኛ፦

ሚኪ፣ በ1943 ዓ.ም. ምጽዋ በእጃችን አልነበረችም። ኤርትራ ገና በእንግሊዝ አስተዳደር ሥር ነበረች። ፌዴሬሽኑ የመጣው በ1945 መግቢያ ነው። ጅቡቲም የፈረንሳይ ነበረች፣ ግን ባቡራችን የሚያበቃው እዚያ ነበር። ወታደሩ ሚያዝያ 5 ቀን ከአዲስ አበባ በባቡር ወረደ፣ ሚያዝያ 8 ቀን 1943 መርከብ ላይ ወጣ።

አሁን ወደ ጠያቂው ልምጣ። ልጄ፣ መርከቧ ጄኔራል ማክሬ ትባላለች። የእንግሊዝ ሳትሆን የአሜሪካ ናት። ስሙ የተወሰደው በአንደኛው የዓለም ጦርነት 78ኛውን የአሜሪካ ክፍለ ጦር ከመሩት ጄኔራል ጄምስ ማክሬ ነው። እኔ ዕድሜዬን የጨረስኩት በንግድ መርከብ ሞተር ክፍል ውስጥ ስለሆነ የመርከብ ነገር ሲነሳ ዝም ማለት አልችልም፣ ታገሠኝ።

ማክሬ በ1944 እ.ኤ.አ. ካሊፎርኒያ ሪችመንድ ውስጥ በካይዘር መርከብ ማምረቻ ተሠራች። ካይዘር የዚህ ዓይነት 30 መርከቦች ነው የሠራው፣ ሁሉም በጄኔራሎች ስም የተጠሩ። አንዷ 159 ሜትር ያህል ትረዝማለች። ከ3,000 በላይ ወታደር ትይዛለች። በስቲም ተርባይን በአንድ ፕሮፔለር ወደ 17 ኖት ትሮጣለች፣ ይሄ በሰዓት 31 ኪሎ ሜትር መሆኑ ነው። ይቺን ለሚያህል ጭነት ጥሩ ፍጥነት ነው። እኔ የሠራሁባቸው አንዳንዶቹ በሃምሳ ዓመት የሚያንሷት ሆነው ይህን አይደርሱም ነበር።

በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ የባህር ኃይሉ መርከብ ነበረች። መድፍ ነበራት፣ ሠራተኞቿም መርከበኛ ወታደሮች ናቸው። ጦርነቱ ሲያልቅ በ1946 እ.ኤ.አ. ለምድር ጦሩ ተሰጠች። በመጋቢት 1950 እ.ኤ.አ. ደግሞ ወደ ባህር ኃይሉ ማጓጓዣ አገልግሎት ተመለሰች፣ ግን በሌላ መልክ ነው። የዚህ አገልግሎት መርከቦች ሠራተኛቸው ሲቪል ነው፣ ስማቸውም ፊት የሚጻፈው ዩኤስኤስ መሆኑ ቀርቶ ዩኤስኤንኤስ ሆነ። አንተ ያጣሃት ለዚህ ይመስለኛል። ተዋጊ መርከቦች ዝርዝር ውስጥ ነው የፈለግካት። የኮሪያ ጦርነት የፈነዳው ከዚያ በሦስተኛው ወር ገደማ፣ በሰኔ ነው። እንግዲህ የኛ ልጆች ሲሳፈሩባት በአዲሱ ሥራዋ ላይ ገና አንድ ዓመቷ ነበር።

ፋሲካውን በተመለከተ አያትህ ትክክል ናቸው። ባሕረ ሐሳብ ቁጭ ብዬ አሰላሁት። 1943 ዘመነ ሉቃስ ነው፣ ፋሲካ የዋለው ሚያዝያ 21 ቀን። ሆሳዕና ሚያዝያ 14። መርከቧ ከጅቡቲ የወጣችው በ8፣ የኮሪያ ወደብ ቡሳን የደረሰችው በሚያዝያ መጨረሻ። ስለዚህ ሆሳዕና፣ ሰሙነ ሕማማት፣ ስቅለት፣ ትንሣኤ፣ ሁሉም ውሃ ላይ ነው ያለፈው። ከክብር ዘበኛ የተመረጠ ወታደር፣ አብዛኛው ባህር አይቶ የማያውቅ፣ በሰሙነ ሕማማት መርከብ ሆድ ውስጥ! ስለ ቃኘው ሲጻፍ ይሄን የሚያነሳ አላየሁም። ሰልፉና ጀግንነቱ በሰፊው ይተረካል፣ ጉዞው ግን "በመርከብ ሄዱ" ተብሎ ይታለፋል። ሃያ ቀን ገደማ እኮ ነው!

"እንደ ጆንያ" ያሉትም ማጋነን አይደለም። እነዚህ መርከቦች የወታደር ካቢን የላቸውም። መጋዘኑ ውስጥ በብረት ቧንቧ ላይ ሸራ ተወጥሮ፣ አንዱ በአንዱ ላይ እስከ ጣሪያው ድረስ አልጋ ነው። የላይኛው ሰው ቢታመም ታችኛው ነው የሚቀበለው፣ የቀረውን አንተ ጨርሰው።

ናርዶስ ከፍሎሪዳ፦

ወይ ጉድ! ባህረኛው፣ ከእነዚህ 30 መርከቦች አንዷ እኛ ጋ ባህር ውስጥ ናት። ጄኔራል ሃሪ ቴይለር ትባል ነበር። ኋላ የአየር ኃይል ሚሳኤል መከታተያ ሆና ቫንደንበርግ ተባለች። በ2009 እ.ኤ.አ. ኪ ዌስት አጠገብ ሆን ብለው አሰመጧት፣ ለዓሦች መጠለያ እንዲሆን። አሁን ጠላቂዎች ይጎበኟታል። ማክሬን ባታገኛት እህቷን መጥተህ ማየት ትችላለህ፣ ዋና ከቻልክ ማለቴ ነው።

ጡረተኛው ባህረኛ፦

ጎሽ ናርዶስ! ከእህቶቿ ሌላዋ፣ ጄኔራል ብላክ፣ በ1948 እ.ኤ.አ. ከአውሮፓ 813 የጦርነት ተፈናቃዮችን ጭና ኒው ዮርክ ገብታለች። ለጦር የተሠራ መርከብ እንዲያ ነው፣ ሰላም ሲመጣ ስደተኛ ይጭናል።

የኮሪያ ሰፈር ልጅ፦

እግዜር ይስጥልኝ ጋሼ። ይሄን ለአጎቴ አነበብኩለት። ስለ ፋሲካው ዝም አለ። አሁን ደግሞ ሌላ አመጣ፤ "በዚያ ወቅት የህንድ ውቅያኖስ ጸጥ ያለ ነው፣ አባባ ሁለት ሳምንት ሙሉ አስታወከን ያለው ውሸት ነው" ይላል። አንድ ፎቶም አለን፣ የመርከብ ጫፍ ላይ የተደረደሩ ወታደሮች። ይቺው መርከብ መሆኗን በምን አውቃለሁ?

ጡረተኛው ባህረኛ፦

አጎትህ ስለ ውቅያኖሱ እውነቱን ነው። ሚያዝያ ላይ ሞንሱኑ አልገባም፣ ኃይለኛው ነፋስ የሚነሳው ከግንቦት መጨረሻ በኋላ ነው። ግን ለማስታወክ ማዕበል አያስፈልግም። ሙቀት፣ የታፈነ አየርና የቀለም ሽታ ከበቂ በላይ ነው። የሦስት ዓመት ልምድ ያለው ባህረኛም ጸጥ ባለ ባህር ሲታመም አይቻለሁ። ሁለት ሳምንቱን ግን ትንሽ ቀንስላቸው፣ አያት ሲያወራ ይጨምራል።

ፎቶው ላይ ጭስ ማውጫውን ፈልግ። የዚህ ዓይነት መርከብ ሞተር ክፍሏ ከኋላ ነው፣ ጭስ ማውጫውም ወደ ኋላ ሄዶ ነው የቆመው። መሐል ላይ ካየኸው ሌላ መርከብ ነው። ካልታየ ደግሞ አፍንጮ በር ያለው የኮሪያ ዘማቾች መታሰቢያ ጋ ወስደህ አሳያቸው። ሌላው መንገድ ይሄ ነው፤ የመጀመሪያው ሻለቃ አዛዥ ሌተና ኮሎኔል ተሾመ እርገቱ ናቸው፣ የሁለተኛው አስፋው አንዳርጌ፣ እሱም ኮሪያ የገባው በቀጣዩ ዓመት ነው። አያትህ አዛዣችን እያሉ የሚያነሱት ማንን ነበር?

የኮሪያ ሰፈር ልጅ፦

ኮሎኔል ተሾመን ነው። ጭስ ማውጫው ፎቶው ላይ የለም ጋሼ፣ ተቆርጧል። ጫፉ ላይ የነፍስ አድን ጀልባ ብቻ ነው የሚታየው።

ጡረተኛው ባህረኛ፦

ጀልባው ላይ ጽሑፍ ካለ በማጉሊያ እየው። ብዙ ጊዜ የመርከቧ ስም አፍንጫው ላይ ይጻፋል። ካነበብከው እዚሁ ለጥፈው።