የእድራችን ዕቃ ቤት ግድግዳ፦ ለጉባኤው የምናቀርበውን ሐሳብ አብረን እንጻፍ

ጸሐፊ፦
ሰላም ጎረቤቶች። ትናንት ድንኳኑን ልናናፍስ ዕቃ ቤቱን ከፍተን ነበር። የኋላውን ግድግዳ ተደግፎ የነበረው ጥቅል ሻግቷል። ስንዘረጋው ጥቁር ነጠብጣብ ከዳር እስከ ዳር ወርሶታል። ልስኑም ከወለል እስከ ወገብ አብጦ እየረገፈ ነው። እሑድ ለጉባኤው አንድ ገጽ ማቅረብ አለብን። የእኔ ረቂቅ «ግድግዳው ከውስጥ ውሃ የማያሳልፍ ቅብ ይቀባ» ይላል። ምን ትላላችሁ?

ግንበኛው አባል፦
እባካችሁ ከውስጥ አንጀምር። አምና ከውስጥ ዘይት ቀለም ተቀብቶ ሦስት ወር እንኳ አልቆየም፤ ተላጠ። ብሎኬት ውሃ ይመጥጣል፤ ከውጭ የገባው ውሃ ቀለሙን ከጀርባው ይገፋዋል። ቅቡ መሆን ያለበት ውሃው በሚመጣበት በኩል ነው፤ በውጭ።

ከዚያ በፊት ግን ጓሮውን ዞሬ አየሁት። አሸንዳው ተበስቷል። ከቆርቆሮው የሚወርደው ውሃ መሬት መትቶ ግድግዳው ላይ ይፈናጠቃል። አፈሩ ደግሞ ከውስጡ ወለል አንድ ስንዝር ከፍ ብሎ ተከምሯል። ይህን ሳናስተካክል ብንቀባ ብራችንን መድፋት ነው። ከመሠረት የሚወጣውን እርጥበት ቅብ አያቆመውም፤ እንዲያውም ወደ ላይ ሊያወጣው ይችላል።

የዕቃ ቤት ኃላፊዋ፦
ልጄ፣ ቤቱ መስኮት የለውም። ላብ ቢሆንስ?

ግንበኛው አባል፦
ጥሩ አነሱ እትዬ። አንድ ክንድ ላስቲክ ግድግዳው ላይ ዙሪያውን በፕላስተር አጣብቀን ሁለት ቀን እንተወው። ጠብታው ከላስቲኩ ጀርባ ከሆነ ውሃው ከግድግዳው ነው። ፊቱ ላይ ከሆነ ከአየሩ ነው፤ ያኔ የአየር ማስገቢያ ቀዳዳ እንከፍታለን።

ገንዘብ ያዥ፦
የኋላውና የጎኑ ግድግዳ 13 ሜትር ነው፤ ቁመቱ 3። 39 ካሬ መሆኑ ነው። ሂርማታ ገበያ በኩል ካሉት ሱቆች ከሁለቱ የቅቡን ዋጋ አስጽፋለሁ። የአሸንዳውን ለብቻው ያዙልኝ። መቼ ይሠራ? የጅማ ዝናብ እንደሆነ መጋቢት ላይ ይመለሳል።

ግንበኛው አባል፦
ኅዳር ላይ ግማሹ ሰው ቡና ለቀማ ላይ ነው። ታኅሣሥ ይሁን።

ጸሐፊ፦
ረቂቄን ትቼዋለሁ። አዲሱ ይኸው፦

«መጀመሪያ አሸንዳው ይቀየር፤ አፈሩ ይነሣ፤ ከግድግዳው ሥር የሚያፋስስ ቦይ ይቆፈር። ግድግዳው ይድረቅ። ታኅሣሥ ላይ እርጥበቱ ግድግዳው ላይ ያወጣው ነጭ ጨው በሽቦ ብሩሽ ይጠረግ፤ ስንጥቁ በአንድ ሲሚንቶ ለሦስት አሸዋ ይደፈን። ከዚያ ግድግዳው ረጠብ ተደርጎ በሲሚንቶ የሚዘጋጀው ቅብ በውጭ ሁለት ጊዜ ይቀባ፤ አንዱ አግድም፣ ሌላው ቁልቁል። ፀሐይ ቶሎ እንዳያደርቀው ለጥቂት ቀናት ውሃ ይርከፈከፍበት።»

የዕቃ ቤት ኃላፊዋ፦
«ድንኳኑ ከግድግዳ ክንድ ርቆ በጣውላ ላይ ይቀመጥ» የሚል ጨምርበት። ቁልፉ እኔ ጋ ነው፤ ላስቲኩን ነገ ጠዋት መጥታችሁ ለጥፉ።