በሬዲዮ ግራፍ እንዴት ይነገራል?

ሰላም ወገኖች፣ በተለይ የሬዲዮ ሰዎችና መምህራን። አንድ ነገር ጨንቆኝ ነው።

ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ፊዚክስ አስተምራለሁ። ቅዳሜ ቅዳሜ ደግሞ በከተማችን ኤፍኤም ጣቢያ ለ12ኛ ክፍል ተፈታኞች የማጠናከሪያ ፕሮግራም አለኝ። ዩኒቨርሲቲ ለመግባት 50 በመቶ ማምጣት ግድ ከሆነ ወዲህ ከገጠር ሳይቀር ይደውላሉ።

ችግሬ ግራፍ ነው። ከቆመበት ተነስቶ በ5 ሰከንድ ፍጥነቱ በሰከንድ 10 ሜትር የደረሰ ባጃጅ እንውሰድ። ክፍል ውስጥ ጠመኔ ይዤ ፍጥነቱን ከሰከንዱ ጋር የሚያሳይ አንድ ቀጥ ያለ መስመር ብስል አለቀ። ስሎፑ፣ ማለትም የመስመሩ ዘንበል ማለት፣ አክስለሬሽኑን (ፍጥነቱ በየሰከንዱ ምን ያህል እንደሚጨምር)፣ ከመስመሩ በታች ያለው ስፋት ደግሞ 25 ሜትር መሄዱን ያሳያል። ማይክ ፊት ግን ምኑን ላሳይ? ባለፈው አንድ ልጅ በቀጥታ ስርጭት "ቲቸር፣ የቱ መስመር ነው ወደ ላይ የሚወጣው?" አለኝ። ለካ እጄን እያወናጨፍኩ ነው የማስረዳው! ቴክኒሺያኑ ከመስታወቱ ማዶ በሳቅ ሞተ።

"ደብተር አውጡ፣ ከታች ከግራ ወደ ቀኝ ሰከንድ ጻፉ" እያልኩ ነጥብ በነጥብ ማሳል ጀምሬ ነበር። ጥሩ ነው፣ ግን ሰዓት ይበላል። አንድ ነጥብ ያመለጠው ልጅ ደግሞ እዚያው ይቀራል። ስዕሉን ቴሌግራም ላይ ልቀቅ አሉኝ። ብዙዎቹ የሚሰሙኝ እኮ በተራ ስልክ ሬዲዮ ነው።

የመማሪያ መጽሐፉን ገጽ እየጠቀስኩ ላስተምር? መጽሐፉ የሌለውስ? ወይስ በክራር፣ ከወፍራም ወደ ቀጭን በሚወጣ ድምፅ፣ ግራፉን ማሰማት ይቻል ይሆን? የሞከረ ካለ እባካችሁ እንዴት እንዳደረገው ይንገረኝ። ቀጣዩ ፕሮግራም ፕሮጀክታይል፣ ማለትም የተወረወረ ነገር ጉዞ ነው፤ እሱማ ጭራሽ ወጥቶ ይወርዳል።